ሌንሱ የሞተ ፕሌይስቴሽን አይጣል

(የማኅበራችን የወጣቶችና የመዝናኛ ንዑስ ኮሚቴ በነዋሪዎች ጠቅላላ ስብሰባ ላይ ያሰማው ንግግር ነው። በስብሰባው ላልተገኙ ነዋሪዎች ይደርስ ዘንድ እነሆ በሰሌዳው ላይ ተለጥፏል።)

የተከበራችሁ የሠፈራችን ነዋሪዎች፣ እናቶችና አባቶች፣ እኅቶችና ወንድሞች፤

የምንናገረው ስለ ጌም ነው። «ደግሞ ለልጆች ጨዋታ ምን ስብሰባ ያስፈልገዋል?» የሚል እንደማይጠፋ እናውቃለን። ይሁን እንጂ ጉዳዩ የማኅበሩን ንብረት፣ የማኅበሩን መዝገብና የልጆቻችንን ጠባይ የሚነካ ሆኖ ስላገኘነው ጥቂት ደቂቃ እንድትታገሡን በትሕትና እንጠይቃለን።

በመጀመሪያ የሆነውን እንናገር። ጥፋቱ የእኛው ስለሆነ አንሸሽገውም።

እንደሚታወቀው በወጣቶች ክፍላችን ውስጥ በነዋሪዎች መዋጮ የተገዙ ሁለት ፕሌይስቴሽን 2 አሉ። ልጆቻችን ከሰዓት በኋላ በርጫ ላይ ከሚቀመጡ፣ በማኅበሩ ክፍል በዐይናችን ሥር ሆነው ኳስ ቢጫወቱ ይሻላል ተብሎ የተገዙ ናቸው። ከሁለቱ አንደኛው ሲዲ አላነብ አለ። ድሬዳዋ ድረስ ተወስዶ ሌንሱ ተቀየረ፤ ከጥቂት ወራት በኋላ ተመልሶ ያው ሆነ። እንግዲህ ምን ይደረግ? «ለቆራሌ ይሸጥ» ያልን ከመካከላችን ነበርን።

በዚህ መኻል ወጣቶቹ አንድ ወሬ ይዘው መጡ፤ የፕሌይስቴሽን ጨዋታ በኮምፒውተር ላይ ይሠራል አሉን። ወሬው እውነት ነው። የጌም መሣሪያውን ሥራ በኮምፒውተር ውስጥ የሚያስመስል ፕሮግራም አለ፤ ኢሙሌተር ይባላል። እኛም ደስ ብሎን በማኅበሩ ኮምፒውተር ላይ ጫንነው። ፕሮግራሙ ሲከፈት ግን «ባዮስ የለም፤ ባዮስ አምጡ» አለን። ባዮስ ምን እንደሆነ ሳንጠይቅ ከመካከላችን አንዱ፣ ስሙ ይቅር፣ ኢንተርኔት ቤት ሄዶ «የሁሉም መሣሪያ ባዮስ በአንድ ላይ» የሚል ነገር በፍላሽ ገልብጦ መጣ። ፍላሹን ሰካ፣ ሁለት ጊዜ ተጫነ፣ አለቀ። ፋይሎቻችን በሙሉ ሾርትከት ሆኑ። ከእነርሱም መካከል የነዋሪዎች የመዋጮ መዝገብ ይገኝበታል።

የባሰው ከዚያ በኋላ የመጣው ነው። ደንግጠን «ፎርማት ይደረግ!» አልን፤ ተደረገ። ውለን አድረን እንደተረዳነው ቫይረሱ ፋይሎቹን ደብቋቸው ነበር እንጂ አላጠፋቸውም ነበር። ያጠፋናቸው እኛ ነን። ገንዘብ ያዣችን የዱሮ ሰው በመሆናቸው ሁሉንም በደብተር ይጽፉ ነበርና መዝገቡ ከደብተሩ ላይ ተለቅሞ እንደገና ተጻፈ። ሦስት ምሽት ፈጀብን። ለእርሳቸው ያለን ምስጋና ከልብ ነው። ነዋሪውንም ይቅርታ እንጠይቃለን።

ከዚህ በኋላ ነው ነገሩን ከሥሩ ለማወቅ የተነሣነው። የደረስንበትን ቀጥለን እናቀርባለን።

ባዮስ ማለት ምንድን ነው?

እንጀራ የምትጋግሩ እናቶች ቶሎ የሚገባችሁ ምሳሌ አለን። ዱቄቱ አለ እንበል። ምጣዱም ተጥዷል። እርሾ ከሌለ ግን ቡሆው አይነሣም። በኮምፒውተር ጌም ለመጫወትም እንዲሁ ነው። ዱቄቱ ጨዋታው ነው፤ ምጣዱ ኢሙሌተሩ ነው፤ እርሾው ባዮስ ነው።

በትክክል ለመናገር ባዮስ በመሣሪያው ሰሌዳ ላይ በተበየደች አንዲት ቺፕ ውስጥ ፋብሪካው የጻፈው ፕሮግራም ነው። የማብሪያውን ቁልፍ ስንጫን ከሁሉ አስቀድሞ የሚነቃው እርሱ ነው። የመሣሪያውን ክፍሎች ያዘጋጃል፣ ያንን የምናውቀውን የመክፈቻ ምልክትና ድምፅ ያሳየናል፣ ከዚያም ዲስኩን ተቀብሎ ጨዋታውን ያስነሣል። ሥራው በዚህ አያበቃም። ጨዋታው እየሄደም ሳለ «ሜሞሪ ካርዱን አንብብልኝ፣ ከዲስኩ ይኽን አምጣልኝ» እያለ ባዮሱን ይጠራዋል። ኢሙሌተሩ ያለ ባዮስ «አልሠራም» የሚለውም በዚህ ምክንያት ነው።

መጠኑ ትንሽ ነው። በጃፓን እ.ኤ.አ. ታኅሣሥ 3 ቀን 1994 ለገበያ የወጣው የመጀመሪያው ፕሌይስቴሽን ባዮስ 512 ኪሎባይት ነው። እ.ኤ.አ. መጋቢት 4 ቀን 2000 የወጣው የፕሌይስቴሽን 2 ደግሞ 4 ሜጋባይት ነው። በስልካችን ከምናነሣው ከአንድ ፎቶግራፍ ብዙ የሚበልጥ አይደለም።

ሁሉም መሣሪያ ግን ይኽን አይጠይቅም። ካሴት የሚሰካባቸው የዱሮዎቹ የኒንቴንዶ ቲቪ ጌሞች ኢሙሌተራቸው ባዮስ አያስፈልገውም፤ ጨዋታው ካሴቱ ውስጥ ባለው ነገር ብቻ ይነሣል። ልጆቻችን በስልካቸው ላይ ኳስ የሚጫወቱበት ፒፒኤስኤስፒፒ የሚባለው ፕሮግራምም ባዮስ አይፈልግም፤ የሠሩት ሰዎች የፒኤስፒን የውስጥ ሥራ ራሳቸው እንደገና ጽፈውታልና። ለመጀመሪያው ፕሌይስቴሽንም ከሶኒ ያልተወሰደ፣ በነፃ የሚሰጥ፣ ኦፕን ባዮስ የሚባል ምትክ ተጽፏል፤ ሁሉንም ጨዋታ እኩል ያስኬዳል ማለት ግን አይደለም። ለፕሌይስቴሽን 2 የታወቀው ፒሲኤስኤክስ 2 የተባለው ኢሙሌተር ግን የግድ እውነተኛውን ባዮስ ይፈልጋል፤ አዘጋጆቹም ባዮሱን አብረው አይሰጡም። «ከራሳችሁ መሣሪያ አውጡ» ነው የሚሉት።

ለምን አይሰጡም?

የዚህ ምክንያት በአሜሪካን አገር በአንድ ክስ ላይ በደንብ ታይቷል። ኮኔክቲክስ የተባለ ኩባንያ እ.ኤ.አ. በጥር 1999 የፕሌይስቴሽንን ጨዋታ በማኪንቶሽ ኮምፒውተር ላይ የሚያጫውት ፕሮግራም ለሽያጭ አቀረበ። ሶኒም ከሰሰው። የኮኔክቲክስ ሰዎች የሶኒን ባዮስ ገልብጠው እንዴት እንደሚሠራ አጥንተው ነበር፤ ለሽያጭ ባቀረቡት ፕሮግራም ውስጥ ግን ከሶኒ የተወሰደ ጽሑፍ አልነበረም። የይግባኙ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. የካቲት 10 ቀን 2000 ለማጥናት መገልበጡ አግባብ ያለው አጠቃቀም ነው ሲል ለኮኔክቲክስ ፈረደ። በማግሥቱ ዓመት ሶኒ ያንኑ ፕሮግራም ገዝቶ ሽያጩን አቆመ። ከዚህ የምንማረው ምንድን ነው? አስመሳዩን ፕሮግራም መሥራት አንድ ነገር ነው፤ ባዮሱን ራሱን ማደል ሌላ ነገር ነው። ባዮሱ የጻፈው ሰው ሥራ ነው።

የአገራችን ሕግስ ምን ይላል? የቅጅና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 አለ። በአንቀጽ 14 ስለ ኮምፒውተር ፕሮግራም የተነገረውን በአጭሩ ስንገልጸው፣ የአንድ ቅጂ ሕጋዊ ባለቤት ፕሮግራሙን ባገኘበት ዓላማ ለመጠቀም፣ ወይም ለመጠባበቂያ፣ ወይም የነበረው ቢጠፋና ቢበላሽ ለመተካት አስፈላጊ ሲሆን አንድ ቅጂ ማዘጋጀት ይችላል። ቅጂውን መያዝ ሕጋዊ መሆኑ ሲያበቃም መጥፋት አለበት። እንግዲህ ልብ በሉ፤ ሕጉ የሚናገረው ስለ ባለቤት ነው። ጎረቤትን አላለም። ኢንተርኔት ቤትንም አላለም።

እዚህ ላይ በኮሚቴው ስብሰባ ላይ የተነሣ ጥያቄ እናንሣ። አንዲት እናታችን ምሳሌያችንን ሰምተው እንዲህ አሉን፤ «ልጆቼ፣ እርሾ ካላችሁ አይቀር፣ እኔ እርሾ ሲያልቅብኝ ከጎረቤት ነው የምበደረው። ማንም ሌባ ብሎኝ አያውቅም። ታዲያ ይኼ ባዮስ የምትሉት ከሰው ቢወሰድ ምን ኀጢአት አለው?»

ጥያቄያቸው ከበድ ያለ ነው፤ እኛም ቶሎ መልስ አላገኘንም። ተነጋግረን የደረስንበት እንዲህ የሚል ነው። እትዬ፣ እርሾ የሚሰጠው ሰው የሚሰጠው የራሱን ነው። ዱቄቱ የእርሱ፣ ውሃው የእርሱ፣ ድካሙም የእርሱ። የባዮሱን ጽሑፍ ግን ጎረቤታችን አልጻፈውም፤ የገዛው መሣሪያውን ነው። ስለዚህ ለራሱ ሊያስቀምጠው ይችላል፣ ለሠፈሩ ሊያድለው ግን አይችልም። ሁለተኛም፣ የጎረቤትን እርሾ እናውቀዋለን፤ ማድጋውንም አይተነዋል። ከኢንተርኔት የሚመጣው ግን ከማን ማድጋ እንደተቀዳ አይታወቅም። እኛ ቀምሰነዋል፤ ውጤቱን ነግረናችኋል።

መልካሙ ወሬ ግን ይኼ ነው። ከማንም መበደር አያስፈልገንም። ሌንሱ የሞተው መሣሪያችን ባዮስ አልሞተም!

ሌንስ ማለት ዲስክ የሚያነበው ዐይን ነው። ዐይኑ የጠፋ ሰው አእምሮው አለ። ለቆራሌ ልንሸጠው የነበረው መሣሪያ ውስጥ ያች ቺፕ ደኅና ተቀምጣለች። ባዮሱን ለማውጣት ደግሞ ዲስክ ማንበብ የግድ አይደለም፤ በሜሞሪ ካርድና በፍላሽ ይወጣል። እኛም በዚሁ መንገድ አውጥተነዋል። ሥራው ሲጀመር እስኪጠናቀቅ ከግማሽ ሰዓት ያነሰ ጊዜ ወሰደ።

አሠራሩ እንደሚከተለው ነው፤

ሀ/ መሣሪያውን ገልብጣችሁ ቁጥሩን እዩ። ከኤስሲፒኤች ቀጥሎ ባለ አምስት አሃዝ ቁጥር አለ። በ3 ወይም በ5 የሚጀምሩት ወፍራሞቹ ናቸው፤ ከ70 ሺሕ ጀምሮ ያሉት ቀጫጭኖቹ ናቸው። የመጨረሻው አሃዝ ለየትኛው የዓለም ክፍል እንደተሠራ ይናገራል፤ 1 የአሜሪካ፣ 4 የአውሮጳ ነው።

ለ/ ፍሪ ማክ ቡት የሚባል ፕሮግራም የተጫነበት ሜሞሪ ካርድ ያስፈልጋል። ይኽ ካርድ ሲሰካ መሣሪያው ያለ ዲስክ ይነሣና ከፍላሽ ላይ ፕሮግራም ማስኬድ ይችላል። ከ90 ሺሕ በላይ ቁጥር ካላቸው የመጨረሻዎቹ መሣሪያዎች አብዛኞቹ ግን ይኽን አይቀበሉም፤ ለእነርሱ ሌላ ዘዴ አለና መጥታችሁ ጠይቁን።

ሐ/ ባዶ ፍላሽ በፋት 32 ፎርማት ይደረግ። በላዩ ላይ ባዮስ የሚያወጣው ፕሮግራም ብቻ ይጫን። የሠርግ ፎቶግራፍ ያለበት ፍላሽ እንዳታመጡ አደራ።

መ/ ፍላሹ መሣሪያው ላይ ተሰክቶ ፕሮግራሙ ይነሣል። የፕሌይስቴሽን 2 ዩኤስቢ የድሮ ዓይነት ስለሆነ ቀርፋፋ ነው፤ ቆመ ብላችሁ አትንቀሉት። መብራት በሚሄድበት ሰዓት ይኽን ሥራ ባትጀምሩ ይመረጣል። መብራት ቢጠፋ መሣሪያው አይጎዳም፤ ቺፕዋ ትነበባለች እንጂ አትጻፍም። ፋይሉ ግን ጎዶሎ ሆኖ ይቀራል።

ሠ/ የወጣውን ፋይል መጠን ተመልከቱ። ዋናው የባዮስ ፋይል ልክ 4,194,304 ባይት መሆን አለበት። ከዚያ ካነሰ ጎዶሎ ነውና ድገሙት። መጠኑ ትክክል ሆኖ ሳለ ይዘቱ ተበላሽቶ እንደሆነም ለማወቅ ሁለት ጊዜ አውጡና የሁለቱን አሻራ አስተያዩ። አሻራ ማለት ኮምፒውተር ከፋይሉ ላይ አስልቶ የሚያወጣው ረጅም ቁጥር ነው፤ በፋይሉ ውስጥ አንዲት ፊደል ብትለወጥ ቁጥሩ ይለወጣል። ሁለቱ አንድ ከሆኑ ልባችሁ ይረፍ።

ረ/ ፋይሉን በኢሙሌተሩ «ባዮስ» በሚለው አቃፊ ውስጥ አስቀምጡ። አንድ ቅጂ በሌላ ፍላሽ አድርጋችሁ ከመሣሪያው ጋር አኑሩት።

አንድ ምልክት ደግሞ ሁላችሁም ያዙልን፣ ወላጆችም ጭምር። እውነተኛ ባዮስ ዝም ብሎ የሚቀመጥ ትንሽ ፋይል ነው። «ጫነኝ፣ ክፈተኝ፣ ፈቃድ ስጠኝ» አይልም። ስሙ በኢኤክስኢ የሚጨርስ፣ ወይም በመቶ ሜጋባይት የሚቆጠር «ባዮስ» ልጃችሁ ይዞ ከመጣ እንዳይከፍተው ንገሩት። እኛን ያታለለን እርሱ ነው።

አሁን ደግሞ ያልተሳካልንን እንናገር፤ የተሳካውን ብቻ መናገር አያምርምና።

አንደኛ፣ የማኅበሩ ኮምፒውተር አሮጌ ስለሆነ የፕሌይስቴሽን 2 ጨዋታ አልቻለውም። ኳሱ እንደ ሕልም ሩጫ ይንቀራፈፋል። አንድ የሠፈራችን ተማሪ ባመጣው ላፕቶፕ ላይ ግን በሚገባ ሄዷል። ሁለተኛ፣ የጨዋታው ዲስክ ጉዳይ አለ። ሐቁን እንነጋገር ከተባለ በከተማችን፣ በሂርናም ሆነ በገለምሶ፣ በበዴሳም ሆነ በሚኤሶ፣ ያለው ዲስክ አብዛኛው ኮፒ ነው። ስለ ባዮስ ይኽን ያህል ተጠንቅቀን ስለ ዲስኩ ዝም ብንል ግብዝነት ይሆናል። መፍትሔውን ዛሬ አላመጣንም። ባዮሱ ግን በእጃችን ባለው ንብረት ውስጥ ያለ፣ በገንዘባችን የገዛነው መሣሪያ አካል ነው። በቅንነት ልንይዘው የምንችለው ነገር እርሱ ሆኖ ሳለ እርሱንም ከሌባ ገበያ ማምጣት አያሳፍርም?

ደግሞም መሣሪያው ተመልሶ አይመጣም። ሶኒ የፕሌይስቴሽን 2ን ምርት ካቆመ ዓመታት አልፈዋል፤ በጃፓን ማከፋፈሉ ያበቃው እ.ኤ.አ. በ2012 መጨረሻ ላይ ነው። ልጆቻችን የሚወዱት የኳስ ጨዋታም ለዚህ መሣሪያ ለመጨረሻ ጊዜ የወጣው እ.ኤ.አ. በ2013 ነው፤ ፔስ 2014 እና ፊፋ 14 ማለት ነው። በየቤታችሁ አልጋ ሥር አቧራ የሚጠጣ መሣሪያ ካለ፣ ዛሬ በኪሎ ቢሸጥ የሚያስገኘው ዋጋ አንድ ጀበና ቡና አያፈላም። ከእርሱ ጋር የሚሄደው ግን በሐቅ የተገኘ ባዮስ ነው።

ስለሆነም ንዑስ ኮሚቴያችን የሚከተለውን ለጠቅላላው ስብሰባ ያቀርባል፤

1/ ሌንሱ የሞተ ወይም የተበላሸ ፕሌይስቴሽን ያለው ነዋሪ እንዳይጥል፣ ለቆራሌም እንዳይሸጥ። ከነጭራሹ የማይበራም ቢሆን ይቀመጥ፤ የኤሌክትሪክ መስጫው ተሠርቶ ሊነሣ ይችላል።

2/ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ መሣሪያውን ወደ ወጣቶች ክፍል ላመጣ ሰው ባዮሱን በነፃ እናወጣለታለን። ፋይሉን በራሱ ፍላሽ ይዞ ይሄዳል። የአንዱን ለሌላው አንሰጥም፤ በማኅበሩ ኮምፒውተር ላይም ከማኅበሩ መሣሪያ ከወጣው በስተቀር የማንም ባዮስ አይቀመጥም።

3/ መሣሪያውን የሸጠ ሰው ፋይሉንም ያጥፋ። ከመሣሪያው ጋር ባለቤትነቱ ሄዷልና።

4/ የመዋጮ መዝገብ የሚገኝበት ኮምፒውተር ከዛሬ ጀምሮ ለጨዋታ አይነካ፤ ማንም ፍላሽ አይስካበት። የመዝገቡ ቅጂ በየወሩ መጨረሻ ለብቻው ይወሰድ። ደብተሩም እንዳለ ይቀጥል። ደብተር ቫይረስ አይዘውም።

ውድ ነዋሪዎች፤ ነገሩን ስናስበው ልጆቻችንን የምናስተምረው ጌም መጫወትን አይደለም፤ እርሱንማ ከእኛ ይበልጥ ያውቁታል። የምናስተምራቸው በእጅ ያለውን ሳያዩ ወደ ሩቅ መሮጥ እንደማያዋጣ ነው። ባዮስ ፍለጋ ኢንተርኔት ቤት ድረስ የሮጥነው፣ የምንፈልገው ነገር በዚሁ ክፍል መደርደሪያ ላይ ተቀምጦ ሳለ ነበር። ልጡ በእጃችን ሳለ ጫካ ወረድን።

ያ መሣሪያ ዛሬ ሌንሱ እንደሞተ ነው። ባዮሱ ግን በላፕቶፑ ላይ ሲነሣ ያ የምናውቀው የመክፈቻ ድምፅ ተሰማ፤ ክፍሉ ውስጥ የነበሩት ልጆች አጨበጨቡ። እኛም አብረን አጨበጨብን፤ ምን እንደብቃለን!

ጥያቄ ወይም ተቃውሞ ያለው ሰው መድረኩ ክፍት ነው።

የወጣቶችና የመዝናኛ ንዑስ ኮሚቴ
ጭሮ